ሰው በመግጨት የኖርኩባቸው ዓመታት

ለዘጠኝ ዓመት እንጀራዬን የበላሁት ሰው እየገጨሁ ነው። ይህን ስል የሚደነግጡ አሉ፤ በተለይ ቤተ ክርስቲያን የሚያውቁኝ። "ስፖርተኛ አልነበርክ እንዴ?" ይሉኛል። ነበርኩ። እዚሁ ኦስሎ ውስጥ፣ በአገሪቱ ትልቁ ሊግ በሚጫወት ክለብ፣ የበረዶ ሆኪ ተከላካይ ነበርኩ። የእኔ ሥራ ግን ግብ ማግባትም ጥሩ አድርጎ ማቀበልም አልነበረም። ከተቃራኒ ቡድን ደህና የሚጫወት ሰው ካለ እሱን ከሜዳው ግድግዳ ጋር ማጣበቅ ነበር። በሆኪ ይህ ወንጀል አይደለም። ፑኩን፣ ያችን ጠፍጣፋ ጥቁር ጎማ፣ የያዘ ሰው በትከሻ መግጨት ይፈቀዳል። አጥብቀህ ከገጨኸው ደግሞ አዳራሹ ሙሉ ያጨበጭብልሃል።

ኦስሎ የመጣሁት በስምንት ዓመቴ ነው። እናቴ አዲስ አበባ ሳለን ሞታለች። አባቴ ቀድሞ ተሰዶ ስለነበር ወረቀቱ ሲያልቅለት ከአክስቴ ቤት አስመጣኝ። አውሮፕላን ማረፊያ የተቀበለኝን ሰውዬ አላወቅኩትም፤ እሱም እኔን ያወቀኝ አክስቴ በላከችለት ፎቶ ላይ በነበረው ሹራብ ነው። አገር ቤት የጂኦግራፊ መምህር ነበር፤ እዚህ አውቶቡስ ነጂ ሆነ። የምንኖረው ትሮስተሩድ በሚባል የኦስሎ ሰፈር፣ ሰባተኛ ፎቅ ላይ ነበር። እሁድ እሁድ ከቅዳሴ መልስ አንድ ሰዓት አማርኛ ያስጽፈኝ ነበር። ጓደኞቼ ከታች ሲጮሁ እሰማለሁ፤ እሱ "ፊደሉን አስተካክል" ይላል። ያኔ እጠላው ነበር።

ሆኪውን ያስጀመረኝ ትምህርት ቤት ነው። በክረምት ወደ በረዶ ሜዳ ይወስዱናል። የመጀመሪያው ዓመት ስወድቅ ስነሳ አለፈ። በሦስተኛው ዓመት የሚይዘኝ ልጅ አልነበረም። ክለቡ ከመጋዘኑ ያገለገለ ጫማ፣ ያገለገለ ሄልሜትና የሌላ ሰው ላብ የሚሸት ጓንት አዋሰኝ። አባቴ የመጀመሪያውን ግጥሚያ አይቶ ሲያበቃ "ይሄ ጨዋታ ነው ወይስ ጠብ?" ብሎ ጠየቀኝ። ከዚያ በኋላ ግን ለዓመታት አንድም ግጥሚያ አልቀረም። የአውቶቡስ ነጂ ዩኒፎርሙን እንደለበሰ ሜዳውን ከከበበው መስታወት ጀርባ ይቆማል። የሌሎቹ አባቶች "ግጨው! ጣለው!" እያሉ ሲጮሁ እሱ ብቻውን በአማርኛ "ቀስ በል! ቀስ በል ልጄ!" ይላል። የቡድኑ ልጆች ሰምተው ሰምተው ለመዱት። ከሜዳው ማዶ "ኬስ ቤል!" እያሉ ይጠሩኝ ጀመር። ስሜ መስሏቸው ነበር።

የታዳጊዎቹ አሰልጣኝ ሴት ነበረች። አንድ ቀን ልምምድ አስቁማ ልጆቹን በሙሉ ሰበሰበችና "እሱን እዩት" አለች ወደ እኔ እየጠቆመች። "ፑኩ ወዴት እንደሚሄድ ከመሄዱ በፊት ያያል። ይሄ ለማንም አይሰጥም።" ስለ እኔ ጨዋታ ከተነገረው ሁሉ ዛሬም ድረስ ቃል በቃል የማስታውሰው ይህንኑ ነው።

በአሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ዋናው ቡድን ኮንትራት ሰጠኝ። ከፊርማው በፊት ዋናው አሰልጣኝ ቢሮው ጠራኝ። ትልቅ ሰው ነው፣ ድምፁ ዝግ ያለ፤ ተቆጥቶ አላየሁትም።

"እንድታስብልኝ አይደለም ያመጣሁህ" አለኝ። "የሚያስቡ ልጆች ሞልተውኛል። አንተ ጉልበት አለህ። ደግሞ ሰዎች አንተን ሲያዩ ይፈራሉ። ተጠቀምበት።"

ሰዎች እኔን ሲያዩ ለምን እንደሚፈሩ አላብራራም፤ እኔም አልጠየቅኩም። ሁለታችንም እናውቅ ነበር። በቡድኑ ውስጥ ከእኔ የሚረዝሙና የሚከብዱ ስድስት ልጆች ነበሩ፤ እነሱን ማንም "አስፈሪ" ብሏቸው አያውቅም። ፈረምኩ። ስወጣ ደስታዬ ከአቅሜ በላይ ስለነበር ትሮስተሩድ ድረስ በእግሬ ሄድኩ።

በተከላካይነት ከእኔ ጋር ተጣምሮ የሚጫወተው ልጅ ቬስትሊ በሚባል ሰፈር ያደገ ኖርዌጂያዊ ነበር። ስምንት ዓመት ጎን ለጎን ተጫወትን። ወደ ልምምድ በመኪናው ይወስደኛል፤ መልስ ላይ ቤታችን ገብቶ ይበላል። አባቴን "አባዬ" ነበር የሚለው። የሚመጣው ሁልጊዜ ረቡዕና ዓርብ ስለሆነና አባቴ ሽሮና ምስር ስለሚያቀርብለት፣ ለሁለት ዓመት ያህል እኛን ሥጋ የማንበላ ሰዎች አድርጎ ያስብ ነበር። በፋሲካ ዶሮ ወጥ ሲያይ ደነገጠ። አባቴ እስኪያለቅስ ሳቀበት። ወንድም አልነበረኝም፤ እሱን እንደ ወንድሜ ነበር የማየው።

አሁን የማልወደውን ነገር ልናገር።

ስድስተኛው ዓመቴ ላይ፣ በሜዳችን ስንጫወት፣ ተጋጣሚያችን አንድ ሃያ ዓመት የሞላው አጥቂ ነበረው። ቀጭን ነው፣ ፈጣን ነው፣ በረዶው ላይ ሲሄድ ድምፅ የለውም። በመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ሁለት አገባብን። በእረፍት አሰልጣኙ መልበሻ ክፍል ገብቶ በዚያ ዝግ ባለ ድምፁ "ያ ልጅ ዛሬ በጣም ተመችቶታል" አለና እኔን አየኝ። ሌላ ቃል አልተናገረም።

ስንመለስ ጠበቅኩት። ልጁ ፑኩን ተቀብሎ ቁልቁል ሲያይ፣ አንገቱን ባቀረቀረባት በዚያች ቅጽበት ደረስኩበት። ትከሻዬ ሲያርፍበት የተሰማኝን ስሜት ልዋሽ አልችልም፤ ደስ ይል ነበር። ንጹሕ ግጭት ነበር፣ ዳኛው ፊሽካ እንኳን አልነፋም። ልጁ በጀርባው ወደቀ። አንድ እግሩ እንቅልፍ ላይ እንዳለ ሰው ቀስ እያለ ይንቀሳቀስ ነበር። አዳራሹ ጮኸ። ወደ ተቀያሪዎች ወንበራችን ስመለስ የቬስትሊው ጓደኛዬ ሄልሜቴን በጓንቱ ደበደበልኝ። ልጁን በቃሬዛ ሲያወጡት ወደ መስታወቱ ዞሬ አባቴን ፈለግኩት። የቆመበት ቦታ ባዶ ነበር።

በማግስቱ ምሳ ስንበላ "የሰው ልጅ ነው እኮ" አለኝ።

"ሕጉ ይፈቅዳል አባዬ።"

"ሕጉ የሚፈቅደውን አልጠየቅኩህም።"

"ሥራዬ ነው! ምን ላድርግ? እንደ አንተ አውቶቡስ ልንዳ?"

እሱ ሳህኑን አንስቶ አጠበ። ከዚያ ቀን ወዲህ ግጥሚያ አላየም። እኔም ና አላልኩትም።

ሊጉ ነገሩን የሚያጣራ ኮሚቴ አቋቁሞ ጠራኝ። ሦስት ሰዎች ነበሩ፤ ጨዋዎች። አንዱ "ይህን ተጫዋች እንድትመታ የታዘዝከው ነገር ነበር?" ብሎ ጠየቀኝ። ጓደኛዬ ከጎኔ፣ አሰልጣኙ ከበሩ ውጭ ተቀምጠው ነበር።

"ኔይ፣ የለም" አልኩ። "ማንም አላዘዘኝም።"

በቃል ካየኸው እውነት ነው፤ ግጨው የሚል ቃል ከአሰልጣኙ አፍ አልወጣም። በዚህ ለብዙ ጊዜ ራሴን አጽናናሁ። ልጁ ግን ወደ ሜዳ አልተመለሰም። በዓመቱ ጨዋታ ማቆሙን ከጋዜጣ አነበብኩ። አጭር ዜና ነበር፤ የእኔ ስም አልነበረበትም። መልእክት ልጽፍለት ጀመርኩና አጠፋሁት። በሌላ ቀን እንደገና ጀምሬ እንደገና አጠፋሁት። ከዚያ የጨዋታው ጊዜ በረታና ተውኩት።

የእኔ ቀን የመጣው ከሁለት ዓመት በኋላ ነው። ከሜዳችን ውጭ የተደረገ ግጥሚያ ነበር። ከኋላዬ የመጣ ሰው ገጨኝና ሄልሜቴ ከመስታወቱ ጋር ተላተመ። አልወደቅኩም። በሆኪ ተጫዋቾች በየደቂቃው ስለሚቀያየሩ ተራዬ አልቆ ወደ ወንበሩ መጣሁ። ጓደኛዬ ቀኜ ተቀምጧል፤ አሰልጣኙ ከኋላችን ቆሟል። ብርሃኑ ሁሉ ጠርዙ ተቀድዶ ይታየኛል።

ወደ አሰልጣኙ ዞሬ "ልክ አይደለሁም" አልኩት። "ሁለት ፑክ ነው የሚታየኝ።"

"እንግዲያው ሁለቱንም ምታቸው" አለኝ።

ወንበሩ ላይ ያለ ሰው በሙሉ ሳቀ። ጓደኛዬ ሳቀ። እኔም ሳቅኩ። ተራዬ ሲደርስ ተነስቼ ገባሁ።

ሁለተኛው ግጭት ቀላል እንደነበር ነግረውኛል፤ በቪዲዮ ካየኸው የሚያስወድቅ አይመስልም። እኔ የማስታውሰው አንድ ኮሪደር ውስጥ ጀርባዬ ላይ ተኝቼ ጣሪያ ላይ ያለ ቧንቧ ስቆጥር ነው።

ኖርዌጂያኖች "የርነሪስተልሰ" ይሉታል፤ የአንጎል መናወጥ። ሐኪሟ ስልክ የለም፣ ቴሌቪዥን የለም፣ ማንበብ የለም፣ ብርሃን የለም አለችኝ። ለብቻዬ የያዝኩትን ቤት ትቼ አባቴ ጋ ተመለስኩ። እሱም ከሥራው ፈቃድ ወጣ። መኝታ ቤቴ መስኮት ላይ ሁለት ብርድ ልብስ በሚስማር መታ። ለአምስት ወር እዚያ ውስጥ ነበርኩ። ሳህን ሲነካካ ያስታውከኛል። የጎረቤት ልጆች ሊፍት ሲጠሩ ድምፁ ጥርሴ ውስጥ ይገባል። ከሁሉ የከፋው ቋንቋው ነበር። የአገሩ ቋንቋ፣ ኖርስክ፣ ከአማርኛ በላይ የማውቀው፣ የምሰድብበትና የማልምበት ቋንቋ፣ ጠፋብኝ፤ አንድ ዓረፍተ ነገር ለመጨረስ ቃል ስፈልግ ራሴ ይፈነዳል። ሐኪሟ ስትጠይቀኝ አፌን ከፍቼ እቀራለሁ። አማርኛው ግን ዝም ብሎ ይመጣ ነበር። ለምን እንደሆነ የነገረኝ የለም። ይህንንም የምጽፈው በአማርኛ የሆነው ለዚያ ነው፤ የአገር ፍቅር አይደለም።

ቀን ቀን አባቴ አልጋዬ አጠገብ፣ በተገረበበው በር በኩል በሚገባው ብርሃን፣ ከአገር ቤት ይዞት ከመጣው የዘጠነኛ ክፍል ጂኦግራፊ መጽሐፍ ያነብልኝ ነበር። በቤቱ ያለው የአገር ቤት መጽሐፍ እሱና መዝሙረ ዳዊት ብቻ ነው፤ ዳዊቱን ለራሱ ነው የሚደግመው። መጽሐፉ እንግሊዝኛ ስለሆነ እየተረጎመ፣ በክፍል ድምፁ፣ ስለ አፈርና ስለ ዝናብ፣ ባሕር ሳይደርስ በረሃ ውስጥ ስለሚቀረው ስለ አዋሽ ያወራልኛል። መሀል ላይ ቆም ብሎ "ገባህ?" ይላል። "ገባኝ" እላለሁ። ያንን የምሳውን ንግግሬን ይቅር በለኝ ልለው ብዙ ጊዜ ፈልጌ ነበር። እሱ ግን ገጹን ገልብጦ ይቀጥላል።

እዚያ ጨለማ ውስጥ የገጨሁትን ልጅ ማሰብ ጀመርኩ። እሱም እንዲህ ተኝቶ ይሆን? ማን አነበበለት? ስልክ መያዝ ስችል መጀመሪያ የጻፍኩት ለእሱ ነው፤ ይቅርታ ብዬ፣ በረጅሙ። በሳምንቱ መለሰልኝ። "ያኔ ጽፈህልኝ ቢሆን ጥሩ ነበር" ይላል። ከዚያ በላይ አልጨመረም።

ክለቡ በበኩሉ ለኢንሹራንስ ወረቀት ጻፈ። ተጫዋቹ በጨዋታው ወቅት ሕመም እንደተሰማው ለማንም አልገለጸም ይላል። ያነበበልኝ አባቴ ነው። ሁለት ጊዜ አስነበብኩት። ከዚያ ለጓደኛዬ ደወልኩ፤ መጣ። አባቴ ሻይ አቀረበለትና ወደ ማድ ቤት ገባ።

"ሰምተኸኛል አይደል?" አልኩት።

"ምን ስትል?"

"ሁለት ፑክ ነው የሚታየኝ ስለው። አጠገቤ ነበርክ። ይህንን ለኢንሹራንሱ ጻፍልኝ።"

እጁን አየ። "ልጄ በነሐሴ መዋለ ሕፃናት ትጀምራለች" አለኝ። "ኮንትራቴ ደግሞ በሚያዝያ ያልቃል።"

"እሱን አልጠየቅኩህም።"

"አውቃለሁ። አስብበታለሁ።"

አባቴ ሊፍቱ ድረስ ሸኝቶት ሲመለስ "አይጽፍልህም" አለኝ።

"እንዴት አወቅክ?"

"ጃኬቱን አላወለቀም።"

ጓደኛዬ ጻፈ። የጻፈው ግን "በወንበሩ ላይ የተባለውን አላስታውስም" የሚል ነው። የሌሎቹም እንደዚያው ነበር። ጉዳዩ ተዘጋ።

በመጸው ላይ ክለቡ ሊያሰናብተኝ ጠራኝ። ከግጥሚያ በፊት፣ በረዶው ላይ ቀይ ምንጣፍ አንጥፈው፣ መብራቱን አጥፍተው፣ አንድ የሚያሳውር ብርሃን እኔ ላይ አበሩ። ጥቁር መነጽር አድርጌ ቆምኩ። የክለቡ ሥራ አስኪያጅ በፍሬም የተሠራ ማሊያዬን ሰጠኝና በማይክ "ይህ ሰው በዘጠኝ ዓመት ውስጥ አንድም ቀን አልተነጫነጨም!" አለ። አዳራሹ ቆሞ አጨበጨበ። ጓደኛዬም ከተሰለፉት መሀል ዱላውን በረዶው ላይ እየመታ ነበር፤ በሆኪ ማጨብጨብ ማለት እሱ ነው። ጭብጨባው ራሴን ሲወጋኝ ቶሎ እንዲያልቅ ብቻ ነበር የምመኘው። መጸዳጃ ቤት ገብቼ አስታወክሁ። ማሊያው አሁን ልብስ ሳጥኑ ጀርባ ግድግዳ ላይ ተደግፎ ቆሟል።

ከዚያ በኋላ አልናብሩ በሚባል ሰፈር አንድ መጋዘን ውስጥ የግማሽ ቀን ሥራ አገኘሁ። ዕቃ የሚያነሳው መኪና፣ ፎርክሊፍቱ፣ ወደ ኋላ ሲሄድ የሚያሰማው ጩኸት ስለሚያመኝ የጆሮ መከላከያ አድርጌ ዕቃ እመዘግባለሁ። አለቃዬ ደህና ሰው ነው፤ ራሴን ሲያመኝ ፊቴን አይቶ ራሱ ወደ ቤት ይልከኛል። ከዘጠኝ ዓመት የአሰልጣኝ ትእዛዝ በኋላ ይህ ገረመኝ።

ባለፈው ጸደይ ሱቅ ውስጥ ወረፋ ላይ ቆሜ አንድ ሰው ከኋላዬ "ኬስ ቤል" አለኝ። ጓደኛዬ ነው። ጨዋታ አቁሞ የዚያኑ ክለብ ታዳጊዎች ያሰለጥናል። ጸጉሩ ሳስቷል። አቀፈኝ፤ አቀፍኩት። አባዬ እንዴት ነው አለኝ። ደህና ነው፣ ጡረታ ወጣ አልኩት። ውጭ ወጥተን መኪናው አጠገብ ቆምን።

"አንድ ነገር ብቻ ንገረኝ" አልኩት። "እውነት አላስታወስክም ነበር?"

"ሰምቼሃለሁ" አለ ወዲያው። ለዓመታት አዘጋጅቶ የያዘው ይመስል ነበር። "ሁላችንም ሰምተናል። አንተስ ኮሚቴው ሲጠይቅህ ምን አልክ? አጠገብህ ነበርኩ እኮ።"

ተናድጄበት መሄድ እፈልግ ነበር፤ በእጄ የያዝኩት ንዴት ግን የማይጨበጥ ሆነብኝ። ያን ቀን የቀማኝ ይህንን ነው፤ በእሱ የመናደድ መብቴን። ወደ መኪናው በር ዞሮ "ልጆቹን መጥተህ አነጋግርልኝ" አለኝ። "ከእኔ ይልቅ አንተን ይሰሙሃል።" እሺ አልኩ። ምናልባት በዚያ ልንታረቅ እንችል ይሆናል ብዬ አሰብኩ።

ሄድኩ። አሥራ ሦስትና አሥራ አራት ዓመት የሆናቸው ልጆች፣ ሴቶችም ወንዶችም፣ መልበሻ ክፍል ውስጥ ሄልሜታቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው ተቀምጠዋል። አንዷ እጇን አውጥታ "ስንት ግብ አገባህ?" አለችኝ። "አራት" አልኳት። "በዚህ ወር?" አለችኝ። "በዘጠኝ ዓመት" ስላት ክፍሉ በሳቅ ተሞላ። ሲረጋጉ ሁሉንም ነገርኳቸው። የገጨሁትን ልጅ፣ እግሩ እንዴት እንደተንቀሳቀሰ፣ ለኮሚቴው ምን እንዳልኩ፣ ሁለት ፑክ እንዴት እንደሚታይ፣ አሰልጣኙ ምን እንዳለና እንዴት እንደሳቅን። "ራሳችሁን ሲያማችሁ ተናገሩ" አልኳቸው። "ሲስቁባችሁ ደግማችሁ ተናገሩ።" ጓደኛዬ በሩ ላይ ተደግፎ ወለሉን ያይ ነበር። ሲሸኘኝ "አመሰግናለሁ" ብቻ አለኝ።

ለሌሎች ሁለት ቡድኖችም ልናገር ቀጠሮ ተይዞልኝ ነበር። ከሁለቱም በፊት ከክለቡ ኢሜይል ደረሰኝ። አንዳንድ ወላጆች ንግግሬ ልጆቹን አስፈርቷል ብለዋል፤ ክለቡ ልጆች የሚያበረታታ ታሪክ እንዲሰሙ ስለሚፈልግ ፕሮግራሙ ተቀይሯል፤ ላደረግኩት ሁሉ ያመሰግናሉ። ለአባቴ አነበብኩለት። አዳመጠና "ጨዋ ደብዳቤ ነው" አለ። "አንድም ስህተት የለውም።" ለጓደኛዬ ደወልኩ፤ አላነሳም። በማግስቱም አላነሳም።

በዚያው ሳምንት ቅዳሜ ቀን ሶፋ ላይ ተኝቼ የክለቡን ግጥሚያ በስልኬ ከፈትኩ። ለምን እንደከፈትኩ አላውቅም፤ ሐኪሟም ትከለክለኛለች። በሁለተኛው ክፍለ ጊዜ አንድ የእኛ ተከላካይ፣ በእኔ ቦታ የገባ ልጅ፣ ፑክ ይዞ አንገቱን ያቀረቀረ አጥቂ ላይ በሙሉ ኃይሉ ደረሰበት። እኔ "ጎበዝ!" ብዬ ጮኼ ተነሳሁ። ልቤ እንደ ድሮው ዘለለ። አባቴ ከማድ ቤት ብቅ ብሎ አየኝና ተመልሶ ገባ። እኔም ቆሜ ቀረሁ። ስልኩን ወደ ዓይኔ አስጠግቼ የወደቀው ልጅ እስኪነሳ ጠበቅኩ፤ ካሜራው ግን ወደ ደጋፊዎቹ ዞሮ ነበር፤ እነሱም ቆመው ያጨበጭባሉ።